ዘፈኑ የሚያልቀው ኤርፖርት ላይ ነው

እኛ ኮሎምበሶች እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ብርዱም፣ የቤት ኪራዩም፣ ሐሜቱም እንደ ወትሮው ነው።

ዛሬ ብዕሬን ያስነሳኝ ሐሜቱ ነው። ባለፈው ሰሞን አንድ የክርስትና ግብዣ ላይ ተቀምጬ ሳለ ከጎኔ ወሬ ተነሳ። «እገሌ ሚስቱን ዘጠኝ ዓመት ጠብቆ አመጣት፤ ገና ዓመት ሳይሞላት ተለያዩ አሉ» አለ አንዱ። ሌላው ቀበል አድርጎ «ድሮም የፈለገችው ወረቀቱን ነው» አለ። ሦስተኛዋ ደግሞ «እሱስ ቢሆን? አሜሪካ በልቶታል፤ ድሮ የምታውቀው ሰው መስሏት መጣች እንጂ» አለች። በአምስት ደቂቃ ውስጥ ፍርድ ተሰጥቶ፣ ይግባኝም ተዘግቶ ሁሉም ወደ ክትፎው ዞረ።

እኔ ዝም አልኩ። ዝም ያልኩት ግን የምለው ጠፍቶኝ አልነበረም። እኔና ባለቤቴም በዚያው መንገድ አልፈናል፤ የተረፍነውም ለጥቂት ነው። ያተረፈን ደግሞ ሽማግሌ አይደለም፤ አንድ አሮጌ የፈረንጅ ዘፈን ነው። ትስቁ ይሆናል። እስቲ ታገሱኝና ላጫውታችሁ። (ዓ.ም. ስል የእኛን አቆጣጠር ነው፤ እ.ኤ.አ. ስል የፈረንጁን።)

እ.ኤ.አ. በ1996 እዚሁ ኮሎምበስ በአንድ የአዛውንቶች መጦሪያ ቤት እሠራ ነበር። እሁድ እሁድ ከሰዓት በኋላ አንድ በጎ ፈቃደኛ ሽማግሌ እየመጣ ፒያኖ ይመታላቸዋል። ከዘፈኖቹ ሁሉ አንዷ ስትጀመር ቤቱ ጸጥ ይላል። የልጆቻቸውን ስም የዘነጉ፣ ቁርስ ይብሉ አይብሉ የማያስታውሱ ሰዎች ያቺን ዘፈን አንድ ቃል ሳይስቱ ከዳር እስከ ዳር ያዜሟታል። መጀመሪያ የቤተ ክርስቲያን መዝሙር መስሎኝ ነበር። ስጠይቅ የጦርነት ጊዜ የፍቅር ዘፈን ናት አሉኝ፤ «አይል ቢ ሲይንግ ዩ» ትባላለች።

ታሪኳ ራሱ የሚገርም ነው። ሙዚቃውን የደረሰው ሳሚ ፌይን፣ ግጥሙን የጻፈው ኧርቪንግ ካሃል ነው። ለመጀመሪያ ጊዜ የተሰማችው እ.ኤ.አ. በ1938 በኒውዮርክ ብሮድዌይ «ራይት ዚስ ዌይ» በተባለ ሙዚቃዊ ተውኔት ውስጥ ነበር። ተውኔቱ 15 ጊዜ ብቻ ታይቶ ተዘጋ፤ ዘፈኗም አብራው ተቀበረች። ከዚያ ጦርነት መጣ። በሚሊዮን የሚቆጠር ወጣት ከሚስቱና ከእጮኛው ተለይቶ ባሕር ተሻገረ። እ.ኤ.አ. በ1944 ቢንግ ክሮዝቢ ሲዘፍናት አገር ምድሩን ያዘች። በዚያው ዓመት ቢሊ ሆሊዴይም ዘፈነቻት፤ በስሟም ፊልም ተሠራ። ገጣሚው ካሃል ግን ይህንን አላየም፤ እ.ኤ.አ. በ1942 ሞቶ ነበር። ሰው ሁሉ መልሰን እንገናኛለን እያለ የሚያዜማትን ዘፈን የጻፈው ሰው ከዘፈኑ ጋር እንኳ ሳይገናኝ ቀረ።

ልብ በሉ እንግዲህ፤ ይህቺ ዘፈን እንገናኛለን ብላ ቃል አትገባም። እንዲያ ብሎ ቃል የሚገባው እ.ኤ.አ. በ1939 ቬራ ሊን የዘፈነችው የእንግሊዞቹ «ዊል ሚት አጌን» ነው። የአሜሪካኖቹ ሌላ ነገር ታደርጋለች፤ ቦታ ትቆጥራለች። አብረን የተቀመጥንበት ሻይ ቤት፣ የተንሸራሸርንበት መናፈሻ፣ ዛፉ፣ ጨረቃው እያለች ሰውዬውን በየቦታው ታየዋለች። ለእኛ ሰው ብዙ ማስረዳት አያስፈልግም፤ ትዝታ ናት። ትዝታ ለእኛ የቅኝትም፣ የዘፈንም፣ የሕመምም ስም ነው። ትዝታም ቢሆን ነገ እንገናኛለን አይልም፤ የነበረውን ያያል እንጂ።

ከአዛውንቶቹ መካከል ዘፈኗ ስትጀመር አብረው የማያዜሙ አንዲት ሴት ነበሩ። በመስኮቱ በኩል ውጭ ውጭውን ያያሉ። እኔ «እማማ» ነበር የምላቸው፤ ትርጉሙን ከነገርኳቸው በኋላ በሌላ ስም ብጠራቸው አይመልሱልኝም። አንድ ማታ «ይህቺን ዘፈን አይወዷትም እንዴ?» ብዬ ጠየቅኋቸው። «እወዳታለሁ፤ ግን ግማሽ ናት» አሉኝ። ነገሩ ያልገባኝ መሆኑን አይተው ወንበር እንድስብ ጠቆሙኝ።

ባላቸውን የሸኙት እዚሁ ከተማ፣ ሃይ ስትሪት ላይ በነበረው ዩኒየን ስቴሽን ነው። ያ ጣቢያ ዳንኤል በርንሃም የተባለው ስመ ጥር የቺካጎ አርክቴክት የነደፈው፣ ፊቱ በሙሉ በቅስትና በቅርጻ ቅርጽ ያጌጠ ሕንፃ ነበር። የኮሎምበስ ሰው ወደ ጦር ሜዳ ሲሄድም ሲመለስም በዚያ በር ያልፋል። እ.ኤ.አ. በ1974 ታሪካዊ ቅርስ ተብሎ ተመዘገበ፤ በ1976 በዶዘር ፈረሰ። ከሁሉ የተረፈው አንድ የድንጋይ ቅስት ነው። ዛሬ በአሬና ሠፈር መክፈርሰን ኮመንስ በተባለው መናፈሻ ብቻውን ቆሟል፤ ወዴትም የማያስገባ በር ማለት ነው። የመንገደኛ ባቡርም ከ1979 ወዲህ ወደ ኮሎምበስ መጥቶ አያውቅም። ጣቢያው በነበረበት ዛሬ የስብሰባ ማዕከል አለ፤ ስንቶቻችን እዚያ የመኪና ማቆሚያ ሠርተናል።

እማማ ባላቸው ከሄዱ በኋላ በአውሮፕላን ማረፊያው አጠገብ በነበረው የከርቲስ ራይት ፋብሪካ ተቀጠሩ። ፋብሪካው ሄልዳይቨር የተባለውን የባሕር ኃይል ቦምብ ጣይ አውሮፕላን ይሠራ ነበር። ብረት መበሳት፣ ደመወዝ መቀበል፣ ሒሳብ መያዝ ለመዱ። ማታ ማታ ራዲዮኑ ያቺን ዘፈን ሲያሰማ ያለቅሳሉ። ባላቸው እ.ኤ.አ. በ1945 መገባደጃ ላይ በዚያው ባቡር ጣቢያ ተመለሱ። ተቃቀፉ፤ ፎቶም ተነሱ።

«ከዚያስ?» አልኳቸው።

«ከዚያማ አንድ የማላውቀው ሰው ቤቴ ገባ» አሉኝ። አልጋ ላይ መተኛት አቅቷቸው ወለል ላይ ይተኛሉ። በር ሲንኳኳ ይደነብራሉ። እሳቸው ደግሞ ድሮ ባላቸውን ሳያስፈቅዱ ገበያ የማይሄዱት ሴት፣ አሁን የቤቱን ሒሳብ በእጃቸው ይዘዋል። እሱ ጥሏት የሄደውን ልጅ ይፈልጋል፤ እሷ የሸኘችውን ልጅ ትፈልጋለች፤ ሁለቱም ልጆች የሉም። «ስለ መጠበቁ መቶ ዘፈን ተዘፈነልን። ከተገናኙ በኋላ ስለሚመጣው ዓመት ግን አንድ ሰው አልዘፈነልንም» አሉኝ።

የተናገሩት የእሳቸውን ብቻ አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1946 አሜሪካ ውስጥ ከ600,000 በላይ ትዳር ፈርሷል፤ እስከዚያ ድረስ ያን ያህል ፍቺ ታይቶ አይታወቅም። በ1944 ዘፈኗን እየሰማ ያለቀሰው ሕዝብ ነው እንግዲህ።

እኔ ያን ማታ ወሬውን እንደ ሌላ ሰው ወሬ መስማት አልቻልኩም። ምክንያቱን ልንገራችሁ።

ከባለቤቴ ጋር የተጋባነው ጥር 1973 ዓ.ም. ነው። ታኅሣሥ 1974 ዓ.ም. ለሥራ ጎንደር ደርሼ እመለሳለሁ ብዬ የቀበሌ የይለፍ ወረቀት አውጥቼ፣ መርካቶ አውቶቡስ ተራ ላይ ተለያየን። እውነቱን የምናውቀው እኔና እሷ ብቻ ነበርን። ማልቀስ አይቻልም፤ ለአንድ ሳምንት የሚሄድ ባል አይለቀስለትም። መተማን አልፌ ገዳሪፍ፣ ከገዳሪፍ ካርቱም፣ በመጨረሻም እ.ኤ.አ. በ1984 የ1980ው የስደተኞች ሕግ በከፈተው በር ኮሎምበስ ገባሁ።

በ1978 ዓ.ም. በሰው እጅ፣ በሮም በኩል አንድ ካሴት ላከችልኝ። በሬን ዘግቼ፣ ስልኩን ነቅዬ ለመስማት ተቀመጥኩ። ድምጿ መጣ። «ትናንት በሲኒማ ኢትዮጵያ በኩል አለፍኩ፤ ሰልፉ ረጅም ነበር። ብሔረ ጽጌ ሄጄ ነበር፤ በስተቀኝ ያለው ዛፍ አብቧል። ራስ መኮንን ድልድይ ላይ ዝናብ ያዘኝና እዚያው ጥግ ተጠለልኩ። ዶሮ ማነቂያ የነበረው ሥጋ ቤት አዲስ ቀለም ተቀብቷል…» እንዲህ እያለች ሠላሳ ደቂቃ። ናፈቅኸኝ የለ፣ መቼ ነው የምትወስደኝ የለ፣ እንባ የለ። ካሴቱ ሲያልቅ ተናደድኩ። ይህቺ ልጅ የከተማ አስጎብኚ ሆነች እንዴ? ልቧ ቀዝቅዟል ማለት ነው አልኩ። ካሴቱን ሻንጣ ውስጥ ወረወርኩት፤ ለዓመታት አላነሳሁትም። ቅሬታዬን ግን አልጣልኩትም፤ አብሮኝ ኖረ።

ጥቅምት 1986 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1993) መጣች። አሥራ ሁለት ዓመት ሊሞላ ሁለት ወር ቀርቶት ነበር። ያኔ ፖርት ኮሎምበስ ይባል የነበረው፣ ከ2016 ወዲህ በጆን ግሌን ስም የሚጠራው አውሮፕላን ማረፊያ ጓደኞቼ በሙሉ ወጡ። አበባ አለ፣ ቪዲዮ አለ፣ እልልታ አለ። ብርድ ይመታታል ብዬ ካፖርት ገዝቼ ይዣለሁ። ላለብሳት ስሞክር ጠበባት፤ ትከሻዋ ላይ አልደርስ አለ። የገዛሁት ለሃያ ሁለት ዓመቷ ልጅ ልክ ነበር። የመጣችው የሠላሳ አራት ዓመት ሴት ናት። ሰው ሁሉ ሳቀ፤ እኛም ሳቅን።

መኪና ውስጥ ብቻችንን ስንሆን ዞር ብላ «ደክሞዎታል?» አለችኝ።

እርስዎ አለችኝ! ባሏን! ለቀልድ መስሎኝ ነበር፤ ፊቷን ሳየው ግን ቀልድ አልነበረም። ሳታስበው ከአፏ አምልጧት ነው። እንግዳ ሰው ፊት ሰው አንቱ ይላል፤ እሷም እንግዳ ሰው ፊት ነው የተቀመጠችው። ቪዲዮው ይህን አልያዘም። ቪዲዮው ያለቀው ኤርፖርቱ በር ላይ ነው፤ ዘፈኑም የሚያልቀው እዚያው ነው።

ከዚያ በኋላ ያለው ጊዜ ምን ይመስል እንደነበር ያለፈበት ያውቀዋል። እኔ ማታ እሠራለሁ፤ እሷ ቀን ብቻዋን መስኮት ላይ ትቆማለች። የምነግራት ሁሉ ትእዛዝ ይመስላታል፤ ዝም ስትል ኩራት ይመስለኛል። እሷ አሥራ ሁለት ዓመት «ባልሽ የት ነው?» እየተባለች ራሷን ችላ የኖረች ሴት ናት። እኔ ደግሞ ገንዘብ ልኬያለሁና ምስጋና የምጠብቅ ሰው ሆኛለሁ። ሦስት ዓመት በአንድ ቤት እንደ ሁለት ተከራይ ኖርን። እውነቱን ለመናገር ያኔ ለብቻዬ ቤት እየፈለግሁ ነበር።

እማማ «ዘፈኗ ግማሽ ናት» ያሉኝ ማታ ከሥራ ስወጣ ሊነጋ ሲል ነው። መኪናዬን ሳላስነሳ ተቀመጥኩ። ዘፈኗ ከራሴ አልወጣ አለች። ሻይ ቤቱ፣ መናፈሻው፣ ዛፉ… ይህን ዝርዝር የት ነው የሰማሁት? ብሔረ ጽጌ፣ ያበበው ዛፍ፣ ድልድዩ፣ ሲኒማው። ያኔ በራ። ካሴቱ! የቆጠረቻቸው ቦታዎች አንድም ሳይቀር አብረን የነበርንባቸው ናቸው። በዚያ ዛፍ ሥር ነው ለመጀመሪያ ጊዜ የተቀመጥነው። በዚያ ድልድይ ጥግ ነው ከዝናብ የተጠለልነው። ናፈቅኸኝ ብትል፣ ወደ ባሌ ውሰዱኝ ብትል፣ ካሴቱ በማን እጅ እንደሚወድቅ አይታወቅም፤ የኮበለለ ሰው ሚስት መሆኗን ቀበሌው ቢያውቅ የሚመጣውን ሁላችንም እናውቃለን። ስለዚህ ከተማውን ቆጠረችልኝ። በየቦታው አየሁህ ማለቷ ነበር። እኔ ጅሉ ለሰባት ዓመት በእሱ ቂም ይዤባታለሁ፤ በአካል መጥታም አልተወውላት።

ቤት ገብቼ ሻንጣውን በረበርኩ። ካሴቱን አስገባሁት። ድምጿን ስትሰማ ከመኝታ ቤት ወጣች። ሁለታችንም ቆመን ሰማነው። ሲያልቅ «ያኔ አልገባኝም ነበር» አልኳት። ብዙ ዝም አለች። ከዚያ «እኔ ደግሞ ገብቶህ ዝም ያልከኝ መስሎኝ ነበር» አለች። አንተ ብላ።

በአንድ ሌሊት ሁሉ ነገር ተስተካከለ ብዬ አልዋሻችሁም። ሌላ ሁለት ዓመት ወስዶብናል። ግን ከዚያን ቀን ጀምሮ አንድ ልማድ ያዝን፤ እሁድ ቡናው ላይ አንድ ቦታ ትጠራለች፣ አንድ ቦታ እጠራለሁ። መጀመሪያ አብረን ያየነውን፤ ቀጥሎም እሷ ብቻዋን ያየችውን፣ እኔ ብቻዬን ያየሁትን። ገዳሪፍን ነገርኳት። የቀበሌውን ሱቅ ሰልፍ ነገረችኝ። የጠፋውን አሥራ ሁለት ዓመት በየቦታው እየሄድን ለቀምነው።

ይህ ነገር የእኛ ዘመን ብቻ መስሎኝ ነበር፤ ግን አይደለም። ሚያዝያ 1943 ዓ.ም. የመጀመሪያው ቃኘው ሻለቃ ወደ ኮሪያ ሲዘምት ከለገሃር በባቡር ነው የተሸኘው። ከዘማቾቹ አንዱ አጎቴ ነበር። አያቴ እንደምታጫውተን፣ ሲመለስ ሚስቱ ሦስት ቀን ጓዳ ተደብቃ በልጅ እጅ ነው ምግብ የላከችለት። ያኔ እየሳቅን ነበር የምንሰማው። አሁን ሳስበው ሴትዮዋ ብልህ ነበረች፤ ሦስት ቀን ወስዳ ሰውየውን በበሩ ቀዳዳ ለመደችው። ዘመዶችም ዝም አሏት፤ ማንም ፍርድ አልሰጠም።

ያ ለገሃርም ዛሬ እንደ እማማ ዩኒየን ስቴሽን ሆኗል፤ ሕንፃው አለ፣ ባቡሩ የለም። አዲሱ ባቡር የሚነሳው ከለቡ ነው። በ2016 ዓ.ም. ደግሞ ለኮሪደር ልማት ዶሮ ማነቂያ ሲፈርስ ባለቤቴ በስልኳ ቪዲዮውን አየችው። ግድግዳው ሲወድቅ እያየች «ይሄ ሥጋ ቤቱ ነው፤ ይሄ ደግሞ የእነ እትዬ ግቢ» እያለች ቆጠረች። ስትጨርስ «እንግዲህ የቀረው እኔና አንተ ጋ ያለው ብቻ ነው» አለችኝ። የሌላው ሰው ዘፈን ቦታው ቆሞ ሰው ሲጎድል ነው፤ የእኛ የስደተኞቹ ግን ቦታውም ይሄዳል። ዶሮ ማነቂያን የሚያውቅልህ ሰው አጠገብህ ካለ፣ ያ ሰው የትውልድ ሠፈርህ እሱ ነው ማለት ነው።

ለማናቸውም፣ እ.ኤ.አ. በየካቲት 2019 የናሳ ሰዎች ያቺን ዘፈን በቢሊ ሆሊዴይ ድምፅ ማርስ ላይ ለነበረችው ኦፖርቹኒቲ ለተባለችው መኪና እንደላኩላት ሰማሁ። ለ90 ቀን ተብላ ተልካ ዐሥራ አራት ዓመት ያገለገለች፣ አቧራ ውጧት ድምፅዋ የጠፋ መኪና ናት። መልስ አልመጣም፤ እነሱም ተሰናበቷት። እማማ በሕይወት ቢኖሩ ይስቁ ነበር። መልስ ከማይሰጥ ጋር መለያየት ቀላል ነው፤ መልስ ከሚሰጥ ጋር መገናኘት ነው ከባዱ።

ስለዚህ ውድ አንባቢያን፣ ኤርፖርት የምትወጡ ሁሉ አበባውንም ቪዲዮውንም ያዙ፤ ደስ ይላል። ካፖርቱን ግን ከመጣች በኋላ ራሷ ለክታ ትግዛ። ለሙሽሮቹ ሦስት ቀን ሳይሆን ሦስት ዓመት ስጧቸው። ተለያዩ ሲባል ከሰማችሁም ከክትፎው በፊት ፍርድ አትስጡ፤ ምናልባት አንዳቸው ሻንጣ ውስጥ ያልተሰማ ካሴት ይኖር ይሆናል።

ሳምንት እስክንገናኝ ቸር ይግጠመን።